የደራሲውን ሕይወት ከማን ሰማነው?

ምስጋና ሁሉ ለዓለማት ጌታ ለአላህ የተገባ ነው። ሰላትና ሰላም በነቢያችን በሙሐመድ (ሰ.ዐ.ወ)፣ በቤተሰቦቻቸውና በባልደረቦቻቸው ላይ ይሁን።

ውድ አንባቢ! የሐረር ስም በተነሳ ቁጥር አብሮ የሚነሳ አንድ የባዕድ ሰው ስም አለ፤ ይኸውም ፈረንሳዊው ገጣሚ አርቱር ራምቦ ነው። ሰውየው ግጥም መጻፉን በሃያዎቹ ዕድሜ መግቢያ ላይ እርግፍ አድርጎ ትቶ፣ እ.ኤ.አ. ከ1880 እስከ 1891 ባሉት ዓመታት በሦስት ጊዜ ምልልስ ሐረር ላይ በንግድ ሥራ ኖሯል። ቡና፣ ቆዳና የዝሆን ጥርስ ነግዷል፤ ለንጉሥ ምኒልክም ጠመንጃ አቅርቧል። ስለዚህ ሰው ሦስት ዓይነት ወሬ ይሰማል። አንዱ ወገን «ሰልሞ ነው የሞተው» ይላል። ሌላው «ለቄስ ተናዞ፣ ደህና ካቶሊክ ሆኖ ነው የሞተው» ይላል። ሦስተኛው ደግሞ «ተዉት፣ የባሪያ ነጋዴ ነበር» ብሎ ይደመድማል። ሦስቱም አጠገቡ ቆመው ያዩ ያህል እርግጠኞች ናቸው።

ለመሆኑ ይህን ሁሉ ከማን ሰሙት? የዚህ ጽሑፍ ጥያቄ ይህ ነው። የፈረንሳይን ሥነ ጽሑፍ ለማንበብ የሚፈልግ ሙስሊም፣ ከመጻሕፍቱ ጋር የደራሲዎቹን የሕይወት ታሪክ ማግኘቱ አይቀርም። በዚያ አገር ደግሞ የደራሲ ሕይወትና የመጽሐፍ ዝምድና ከመቶ ዓመት በላይ ያከራከረ ጉዳይ ነው። ክርክሩን ማወቅ ይጠቅማል። ከክርክሩ የጎደለውን ማወቅ ደግሞ ይበልጥ ይጠቅማል፤ የጎደለውም ነገር ከእኛው ቤት የሚገኝ ነው።

የሰኞው ሐያሲ

ክርክሩን ለመከታተል የሚሻ ሰው መጀመሪያ ሊያውቀው የሚገባ ስም ሻርል-ኦጉስታን ሳንት-ቦቭ (1804-1869) ነው። ይህ ሐያሲ እ.ኤ.አ. ከ1849 ጀምሮ በየሳምንቱ ሰኞ በጋዜጣ ላይ ሂስ ይጽፍ ነበር። ጽሑፎቹ በኋላ «የሰኞ ጭውውቶች» በሚል ርዕስ በብዙ ቅጾች ታትመዋል። የሳንት-ቦቭ መንገድ ቀላል ነበር፤ ዛፉን ሳያውቁ ፍሬውን ማወቅ አይቻልም የሚል። ስለዚህም ስለ አንድ ደራሲ ሲጽፍ ወላጆቹ እነማን ነበሩ? ስለ ሃይማኖት ምን ያስባል? ገንዘብ ሲያገኝ ምን ያደርጋል? ከሴቶች ጋር እንዴት ነው? ድክመቱ ምንድን ነው? እያለ ይመረምር ነበር።

ጭውውቶቹ ዛሬም ሲነበቡ ይጥማሉ፤ ሰውን እንደ ሥዕል አቁመው ያሳያሉና። ነገር ግን መንገዱ ሳንት-ቦቭን ራሱን አሳስቶታል። በቅርብ ያውቃቸው የነበሩትን የዘመኑን ታላላቅ ሰዎች ሳይለይ ቀርቷል። ለገጣሚው ቦድሌር የሚገባውን ቦታ አልሰጠውም፤ የስታንዳልንም ልብ ወለዶች ዝቅ አድርጎ ተመልክቷል። ሰውየውን በእራት ግብዣ ላይ ማወቁ መጽሐፉን እንዳያይ ጋረደው።

ሰውየውን ከመጽሐፉ የለዩት

ይህን ስሕተት አጥብቆ የተቸው ልብ ወለድ ጸሐፊው ማርሴል ፕሩስት ነው። ፕሩስት እ.ኤ.አ. በ1908 እና በ1909 ገደማ የጻፈው፣ ከሞተ በኋላ በ1954 የታተመው «ሳንት-ቦቭን በመቃወም» የተሰኘ ሥራ ለዚህ ርዕስ ዋነኛ ንባብ ነው። ፕሩስት እንደሚያስረዳው፣ መጽሐፉን የሚጽፈው ነፍስ በሳሎን የሚጫወተው፣ በገበያ የሚከራከረው፣ በልማዱና በአመሉ የምናውቀው ሰው አይደለም። ሌላ ጥልቅ ነፍስ ነው፤ እሱንም ማግኘት የሚቻለው መጽሐፉን በማንበብ ብቻ ነው።

ከዚያ በኋላ የመጡት ሐያስያን ደግሞ ነገሩን የባሰ አከረሩት። ሮላን ባርት ስለ ተውኔት ጸሐፊው ራሲን በጻፈው መጽሐፍ (1963) ምክንያት ሬሞን ፒካር የተባለ የራሲን ሊቅ በ1965 ብርቱ ተቃውሞ አወጣበት፤ ባርትም በ1966 «ሂስና እውነት» በተሰኘ አጭር መጽሐፍ መልስ ሰጠ። ሁለቱን ጎን ለጎን ማንበብ ዋጋ አለው። ይኸው ባርት በ1968 በፈረንሳይኛ ባወጣው «የደራሲው ሞት» በተሰኘ መጣጥፉ፣ የጽሑፍን ትርጉም ከደራሲው ሐሳብና ሕይወት መፈለግ እንዲቀር ጠየቀ። በሌላው ጫፍ ደግሞ ዣን-ፖል ሳርትር በ1971 እና በ1972 በሦስት ግዙፍ ቅጾች ስለ ፍሎቤር አንድ ሰው ብቻ ጽፎ፣ ያም ሆኖ ሥራውን ሳይጨርስ ቀርቷል።

ውድ አንባቢ! የፕሩስት ቃል ብዙ እውነት አለው። የባርት ግን ለሙስሊም አንባቢ የሚጎረብጥ ነገር አለበት። ሰው ለተናገረው ቃል ተጠያቂ ነው ብለን የምናምን ሰዎች ነንና፣ ባለቤት የሌለው ቃል አይገባንም። ሆኖም ከሁሉ የሚያስገርመው ሌላ ነው። ሁለቱም ወገኖች የሚከራከሩት «የደራሲው ሕይወት ለመጽሐፉ ይጠቅማል ወይስ አይጠቅምም?» በሚለው ላይ ነው። «ይህን ሕይወት ማን ነገረን? ነጋሪው ይታመናል ወይ?» የሚለው ጥያቄ ግን በዚያ ክርክር መሐል ቦታ አላገኘም።

የእኛ ዑለማእ የጠየቁት ጥያቄ

የሐዲስ ዑለማእ ግን የጀመሩት ከዚህ ነው። አንድ ሐዲስ ሁለት ክፍል አለው። አንዱ መትን፣ ማለትም የንግግሩ ፍሬ ነገር ነው። ሌላው ሰነድ፣ ማለትም ንግግሩን ከአንዱ ወደ አንዱ ያስተላለፉት ሰዎች ሰንሰለት ነው። ሰንሰለቱን ለመመርመር ሲሉ ዑለማእ የሰዎችን ሕይወት የሚያጠና ሙሉ ዕውቀት አቋቋሙ። ኢማም ቡኻሪ «አት-ታሪኽ አል-ከቢር»ን ጻፉ፤ ከዘመናት በኋላም ኢማም ዘሀቢ «ሚዛኑል ኢዕቲዳል»ን አዘጋጁ። ነቀፌታውና ምስክርነቱ በሥርዓት የሚመዘንበት ይህ ዕውቀት ጀርሕ ወተዕዲል ይባላል።

የዚህ ዕውቀት ሦስት ነገሮች ለያዝነው ጉዳይ ይጠቅሙናል። የመጀመሪያው፣ ዝምድና ምስክርነትን እንዳያጣምም መጠንቀቅ ነው። የኢማም ቡኻሪ መምህር የነበሩት ዐሊይ ኢብኑል መዲኒ ስለ ገዛ አባታቸው የሐዲስ ዘገባ ተጠይቀው ሌላ ሰው ጠይቁ አሉ። ጠያቂዎቹ ባልተዋቸው ጊዜ ግን ጉዳዩ የዲን ጉዳይ ነውና አባታቸው በዘገባ ደካማ መሆናቸውን አልሸሸጉም። ሁለተኛው፣ የእኩዮችና የተቀናቃኞች ነቀፌታ ያለ ማስረጃ የማይወሰድ መሆኑ ነው። ሦስተኛው ፍትሕ ነው። ዒምራን ኢብን ሒጧን የኸዋሪጅ ወገን ነበር፤ ሆኖም በዘገባው እውነተኛ ሆኖ ስለ ተገኘ ኢማም ቡኻሪ በሶሒሓቸው ውስጥ ከእርሱ ሐዲስ አስፍረዋል። የሰውየው ስሕተት ስሕተት ነው፤ እውነቱም እውነት ነው።

አንድ ጥንቃቄ ግን አለ። የሰው ነውር ማውራት ሐሜት ነው፤ ሙታንን መስደብም ተከልክሏል። ኢማም ነወዊ የሰው ነውር የሚነሳባቸውን የተፈቀዱ ሁኔታዎች ሲዘረዝሩ፣ ሰዎችን ከጉዳት ለማስጠንቀቅና የዘጋቢዎችን ድክመት ለመግለጽ የሚደረገውን ጠቅሰዋል። እንግዲህ መለኪያው አስፈላጊነት ነው። የደራሲን ጓዳ ለመዝናናት መበርበር አንድ ነገር ነው፤ ስለ ሰው የተነገረን ሐሰት ለማረም መመርመር ሌላ ነገር ነው።

ሩሶ በራሱ ላይ

ይህን ሚዛን ይዘን ወደ ፈረንሳይ እንመለስ። ዣን-ዣክ ሩሶ (1712-1778) በ1762 «ኤሚል» በተሰኘ መጽሐፉ ልጅ እንዴት ማደግ እንዳለበት ለአውሮፓ አስተማረ። በ1764 ቮልቴር ስሙን ደብቆ ባሳተመው አጭር ጽሑፍ፣ ይህ የልጆች አስተማሪ የራሱን ልጆች ጥሏል ሲል አጋለጠው። ቮልቴር የሩሶ ባላንጣ ነበር። ጽሑፉም የስድብ ጽሑፍ ነበር፤ ሩሶ በብርቱ የካዳቸው ክሶችም ነበሩበት።

የጀርሕ ወተዕዲል ተማሪ እዚህ ላይ ምን ይላል? «ከሳሹ ባላንጣ ነውና ቃሉን ብቻውን አልቀበልም፤ ሌላ ማስረጃ አምጡ» ይላል። ማስረጃውም መጣ፤ የመጣውም ከራሱ ከተከሳሹ ነው። ሩሶ ከሞተ በኋላ በ1782 እና በ1789 በታተመው «ኑዛዜዎች» በተሰኘው መጽሐፉ፣ አምስት ልጆቹን ወላጅ አልባ ሕፃናት ወደሚሰበሰቡበት ቤት መስጠቱን አምኗል። ሰው በራሱ ላይ የሚሰጠው ቃል ከሁሉ የጠነከረ ምስክርነት ነው። እንግዲህ ከቮልቴር ክስ ይህኛው ጸና፤ ሌላው ግን የባላንጣ ቃል ሆኖ ቀረ። «ኤሚል»ን ለሚያነብ ሰው ምክሬ «ኑዛዜዎች»ንም አብሮ እንዲያነብ ነው። በ«ኤሚል» ውስጥ ያለው መልካም ምክር በጸሐፊው ጥፋት ምክንያት መጥፎ አይሆንም። የጸሐፊው ጥፋትም በምክሩ ማማር አይሰረዝም።

ራምቦን ማን መሰከረለት?

አሁን ወደ ሐረሩ ሰው እንምጣ። ራምቦ በግንቦት 1891 እ.ኤ.አ. ማርሴይ በሚገኝ ሆስፒታል እግሩን ተቆርጦ፣ በዚያው ከተማ ኖቬምበር 10 ቀን 1891 በ37 ዓመቱ ሞተ። በመጨረሻው ሰዓት አጠገቡ የነበረችው ታናሽ እህቱ ኢዛቤል ናት። ኢዛቤል ኦክቶበር 28 ቀን ለእናታቸው በጻፈችው ደብዳቤ ወንድሟ ለቄስ እንደ ተናዘዘና እምነቱ እንደ ተመለሰ አበሰረች። ታላቁ የካቶሊክ ባለቅኔ ፖል ክሎዴል በ1912 ለራምቦ ሥራዎች በጻፈው መቅድም ላይ ይህን ታሪክ ተቀብሎ አጸናው። ታሪኩም በዚህ መንገድ ዓለምን ዞረ።

ሰንሰለቱን ወደ ኋላ እንከተል። ክሎዴል በቦታው አልነበረም። ታሪኩ ከአንዲት ሴት ይመነጫል። ያቺ ሴት ወንድሟን አጥብቃ የምትወድ፣ በሃይማኖቷ የጸናች፣ የቤተሰቧ ስም እንዲጠራ የምትሻ ነበረች። ይህ ሐሰተኛ አያሰኛትም፤ የእውነት ሊሆንም ይችላል። ነገር ግን ጉዳዩ የሚነካት ብቸኛ ምስክር ናት። ከዚህም በላይ ያገባችው ፓተርን ቤሪሾን የተባለ ጸሐፊ የራምቦን የሕይወት ታሪክና ደብዳቤዎች ሲያሳትም፣ ገጣሚው ያማረ መስሎ እንዲታይ ደብዳቤዎቹን ለዋውጧል። ይህም የታወቀው ኋላ የእጅ ጽሑፎቹ ከታተመው ጋር ሲመሳከሩ ነው። በሐዲስ ዑለማእ ዘንድ ጽሑፍ ሲለውጥ የተገኘ ሰው ምን እንደሚባል አንባቢ ያውቃል።

እዚህ ላይ ሙስሊም ወንድማችን «እኔስ ምን ብዬ ነበር! ቄሱ ተረት ነው፤ ራምቦ የኛ ነበር» ሊል ይችላል። ቆይ እንጂ! የእርሱንም ሰንሰለት እንየው። ራምቦ ዐረብኛ ያውቅ ነበር። በ1883 ከሐረር በጻፈው ደብዳቤ የቁርአንን የፈረንሳይኛ ትርጉም፣ ከተቻለም ከዐረብኛው ጋር፣ እንዲልኩለት ጠይቋል። አባቱ በአልጄሪያ ያገለገለ የጦር መኮንን ነበር። ይህ ሁሉ እውነት ነው። ቁርአንን መጠየቅ ግን መስለም አይደለም። በሙስሊም ከተማ የሚነግድ ሰው የአገሩን ሰው መጽሐፍ ሊያውቅ ይሻል። ብዙ ጊዜ የሚጠቀሰው ሌላው ማስረጃ በሕመሙ ጊዜ «አላህ ከሪም» ይል ነበር የሚለው ነው። ይህ ቃል ወደ እኛ የደረሰው ከማን ነው? ከዚያችው ከኢዛቤል! ስለ ቄሱ ስትናገር አናምናትም፤ «አላህ ከሪም» ስትል ግን እናምናታለን። ውድ አንባቢ! ይህ ማጣራት ሳይሆን ስሜትን መከተል ነው።

ሦስተኛውን ወሬ ደግሞ እንመርምር። ኢኒድ ስታርኪ የተባለችው ምሁር በ1937 ባሳተመችው መጽሐፍ ራምቦ በባሪያ ንግድ ተሳትፏል ስትል ጻፈች። ይህም ለረጅም ጊዜ ተደጋገመ። መሠረቱ ስለ አንድ የባሪያ ሲራራ የተላከ የቆንስላ መረጃ ነበር። ጣሊያናዊው ምሁር ማሪዮ ማቱቺ ሰነዱንና ቀኖቹን መርምሮ ክሱ እንደማይቆም አሳየ። የጥንት ሐያስያን የሐዲስ ዘጋቢዎችን የልደትና የሞት ዓመት እያነጻጸሩ ሐሰቱን እንዳጋለጡት ሁሉ፣ እዚህም ነፃ ያወጣው የቀን ቁጥር ነው።

ነገር ግን ፍትሕ በአንድ ወገን ብቻ አይሄድም። ራምቦ በዲሴምበር 1889 ለምኒልክ አማካሪ ለስዊሳዊው አልፍሬድ ኢልግ በጻፈው ደብዳቤ አንድ ደህና በቅሎና ሁለት ወንድ ልጅ ባሮች እንዲያገኝለት ጠይቋል። ኢልግም በተከታዩ ዓመት ባሪያ ገዝቶ እንደማያውቅና ይህን ለመጀመርም እንደማይፈልግ መለሰለት። ይህ የባላንጣ ወሬ ሳይሆን የራሱ የእጅ ጽሑፍ ነው። ስለዚህ «ባሪያ ነጋዴ ነበር» የሚለው ይወድቃል፤ «ከባርነት ንጹሕ ነበር» የሚለውም አብሮ ይወድቃል። ሚዛኑ ይኸው ነው። በሌላ በኩል ደግሞ ጃሚ ለተባለው የሐረር አገልጋዩ ገንዘብ እንዲሰጥለት አደራ ብሎ ነው የሞተው። አንድ ሰው ሁለቱንም ነበር።

ቤት እንኳ ሰነድ ያስፈልገዋል። ዛሬ በሐረር ጀጎል ውስጥ በራምቦ ስም የሚጠራው ያማረ ቤት አንድ የሕንድ ነጋዴ ራምቦ ከሞተ በኋላ ያሠራው ነው። ጎብኚ ግን ገጣሚው በዚያ መስኮት በኩል ከተማዋን ይመለከት እንደ ነበረ እያሰበ ይወጣል።

የኛ ነበር የማለት ፈተና

ይህ ፈተና በራምቦ ላይ ብቻ የሚያበቃ አይደለም። ስለ ቪክቶር ሁጎም «በመጨረሻ ሰልሟል» የሚል ወሬ ይነገራል። ሁጎ በ1859 ባሳተመው «የዘመናት አፈ ታሪክ» ውስጥ ስለ ነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ) የመጨረሻ ቀናት በአክብሮት የተጻፈ ግጥም አለው። ይህ ግጥም በፈረንሳይ ምን ያህል ለውጥ እንደ መጣ ለማየት ይጠቅማል፤ ከመቶ ዓመት በላይ አስቀድሞ፣ በ1741፣ ቮልቴር በነቢያችን ላይ የስድብ ተውኔት አሳይቶ ነበርና። ግጥሙን እናመስግን። ነገር ግን ሁጎ በ1883 በጻፈው ኑዛዜ የማንኛውንም ቤተ እምነት ጸሎት እንደማይፈልግ፣ በፈጣሪ እንደሚያምን፣ ገንዘብ ለድሆች እንደሚተው አስታውቋል። የእጁ ጽሑፍ ይህን እያለ እኛ ሌላ ልንልበት አንችልም።

ወሬውን ለምን እንወደዋለን? ታላቅ የምንለው ሰው ወደ እኛ ሲመጣ የምንከብር ይመስለናል። እስልምና ግን ክብሩን ለማግኘት የማንም ገጣሚ ፊርማ አያስፈልገውም። ሱረቱል ሑጁራት በ6ኛው አንቀጽ የሚመጣልንን ዜና እንድናጣራ ሲያዘን፣ ደስ የሚያሰኘንን ዜና ከትእዛዙ ነፃ አላወጣውም። እንዲያውም ከሁሉ የበለጠ ማጣራት የሚያስፈልገው ደስ የሚያሰኘን ዜና ነው። ዛሬ የምናሳምረው ወሬ ነገ ሐሰት መሆኑ ሲገለጥ፣ ልጆቻችን እውነተኛውን ነገራችንንም አብረው ይጠራጠሩታል። ጉዳቱ እዚህ ላይ ነው።

ምን እናንብብ?

ውድ አንባቢ! ፈረንሳይኛ የምታውቅ ከሆነ፣ ወይም በትርጉም ካገኘኸው፣ በዚህ ቅደም ተከተል እንድታነብ እመክርሃለሁ። በመጀመሪያ ከሳንት-ቦቭ ጭውውቶች ጥቂቱን፤ ሰውን የማየት ችሎታ ታገኝበታለህ። ቀጥሎ ፕሩስት በእርሱ ላይ የጻፈውን፤ ሰውን በማየት ብቻ መጽሐፍ እንደማይታወቅ ትረዳበታለህ። ከዚያ የሩሶን «ኑዛዜዎች»፤ ሰው ስለ ራሱ ሲናገር ምን እንደሚገልጥና ራሱን እንዴት እንደሚያስተባብል ታይበታለህ። በመጨረሻም የራምቦን ከሐረርና ከኤደን የተጻፉ ደብዳቤዎች፤ ከእጅ ጽሑፉ ጋር ተመሳክሮ በታተመው ቅጂ። ከሕይወት ታሪኮቹ የአላን ቦሬርን «ራምቦ በአቢሲኒያ» (1984) እና ዣን-ዣክ ለፍሬር በ2001 ያሳተመውን ትልቅ መጽሐፍ ማየት ይቻላል።

በየገጹ ግን ሦስት ጥያቄ ይዘህ ተጓዝ። ይህን ማን ነገረን? ነጋሪው ምን ይጠቀምበታል? ሌላ ማን መሰከረ? ጥያቄዎቹን ለባላንጣህ ወሬ ብቻ ሳይሆን ለወዳጅህም ወሬ አቅርባቸው።

ራምቦ ከመሞቱ በአንድ ቀን ቀደም ብሎ፣ እግር የሌለው፣ ሰውነቱ የማይታዘዝለት ሰው ሆኖ ሳለ፣ ለአንድ የመርከብ ድርጅት ኃላፊ ደብዳቤ አስጽፏል፤ ወደ መርከቡ የሚወስዱት በስንት ሰዓት እንደሆነ እንዲነግሩት። ወደ ምሥራቅ ለመመለስ ፈልጎ ነበር። በልቡ ይዞት የሄደውን ግን የሚያውቀው አላህ ብቻ ነው። የእኛ ድርሻ የተጻፈውን በእውነት ማንበብና ያልተረጋገጠውን አለመመስከር ነው።

አላህ (ሱ.ወ) እውነትን እውነት አድርጎ ያሳየን፤ እንድንከተለውም ያግራልን። አሚን።

ወላሁ አዕለም።